ጎልያድን የጣለው ልጅ ለምን አንገቱን ደፋ?

በጣሊያኗ ፍሎረንስ ከተማ ባርጄሎ የሚባል የቆየ ሕንፃ አለ። በ13ኛው ክፍለ ዘመን አጋማሽ የተገነባ ነው፤ ግንቡ ወፍራም ስለሆነ ከሩቅ ሲያዩት ምሽግ ይመስላል። ለረጅም ዘመን እስር ቤት ነበር፤ በግቢው ውስጥ ብዙ ሰዎች በሞት ተቀጥተዋል። በ1786 የቶስካና ግዛት የሞት ቅጣትን ሲያስቀር የመቅጫ መሣሪያዎቹ እዚያው ግቢ ውስጥ ተቃጠሉ። ከ1865 ወዲህ ደግሞ ሕንፃው ብሔራዊ ሙዚየም ሆኗል። (በዚህ ጽሑፍ ያሉት ዓመታት ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

ደረጃውን ወጥተው ወደ ትልቁ አዳራሽ ሲገቡ አንድ ልጅ ቆሞ ያገኛሉ። ከነሐስ የተሠራ ነው፤ ቁመቱ 158 ሴንቲ ሜትር ነው። ራሱ ላይ በቅጠል ጉንጉን የተከበበ የእረኛ ባርኔጣ ደፍቷል፣ እግሩ ላይ እስከ ባቱ የሚደርስ ጫማ አጥልቋል። ከእነዚህ በቀር ምንም አልለበሰም። በቀኝ እጁ ለእንደሱ ያለ ልጅ የሚከብድ ጎራዴ ይዟል። ግራ እጁን ወገቡ ላይ አድርጎ ድንጋይ ጨብጧል። በግራ እግሩ ደግሞ የአንድ ጺማም ሰው የተቆረጠ ራስ ረግጧል። ራሱ የጎልያድ ነው፣ ልጁም የእሴይ ልጅ ዳዊት።

የድል ሐውልት ሲባል አብዛኞቻችን የምናስበው ደረቱን የነፋ፣ ክንዱን ወደ ሰማይ ያነሳ ጀግና ነው። ይህ ልጅ ግን አይፎክርም። አንገቱን ደፋ አድርጎ ወደ ታች ይመለከታል። ከንፈሩ ፈገግ ያለ ይመስላል፤ ቀረብ ብለው ሲያዩት ግን ሐሳብ የያዘው ይመስላል። ባርኔጣው ዓይኑ ላይ ጥላ ስለሚጥል ልቡን ማንበብ ያስቸግራል። ሐገር ያዳነ ልጅ ለምን እንዲህ ቆመ? ይህን ለመረዳት ልጁን፣ የሠራውን ሰውና በየጊዜው “የኔ ነው” ያሉትን ሰዎች ማወቅ ያስፈልጋል።

ከሁሉ ታናሹ

ታሪኩን የማያውቅ የለም። እስራኤላውያንና ፍልስጥኤማውያን በሸለቆ ግራና ቀኝ ተፋጠው ሳለ ቁመቱ ስድስት ክንድ ከስንዝር የሆነ ጎልያድ የሚባል ጦረኛ “አንድ ሰው ይምጣና ይግጠመኝ” እያለ ይሳደባል። የሚደፍረው ይጠፋል። ዳዊት ወደዚያ የሄደው ለመዋጋት አልነበረም። አባቱ ለወንድሞቹ ስንቅ እንዲያደርስ ልኮት ነው። ታላላቆቹ ወታደሮች ናቸው፣ እሱ በግ ጠባቂ። ነቢዩ ሳሙኤል ንጉሥ ሊቀባ ወደ እሴይ ቤት በመጣ ጊዜ እንኳን ልጆቹ ሁሉ ሲሰለፉ እሱን የሚያስታውሰው አልነበረም፤ ከሜዳ ተጠርቶ ነው የመጣው።

ንጉሥ ሳኦል የራሱን ጥሩርና የራስ ቁር አለበሰው። ልጁ ጥቂት ተራምዶ “አልለመድኩትም” ብሎ አወለቀው። ከወንዝ አምስት ድንጋይ ለቀመ፣ ወንጭፉን ያዘ፣ ወረደ። ግዙፉ በአንዱ ድንጋይ ወደቀ። ዳዊት ጎራዴ ስላልነበረው የጎልያድን ራስ የቆረጠው በራሱ በጎልያድ ጎራዴ ነው። ሐውልቱ ላይ ያለው ጎራዴ ለልጁ የከበደው ለዚህ ነው።

በእኛ ዘንድ “ዳዊት” ሰውየውም ነው፣ መጽሐፉም። በየአጥቢያው ፊደል የቆጠረ ልጅ ዳዊት ደግሞ ነው ወደሚቀጥለው የሚሻገረው። የግዕዙ ዳዊት ደግሞ ከ150ው መዝሙር በኋላ አንድ ተጨማሪ፣ 151ኛ መዝሙር አለው። በዚህች አጭር መዝሙር ዳዊት ስለ ራሱ ይናገራል፤ ከወንድሞቹ ሁሉ ታናሽ እንደነበረ፣ የአባቱን በጎች ይጠብቅ እንደነበረ፣ መልከ መልካሞቹና ረጃጅሞቹ ወንድሞቹ ሳይመረጡ እሱ እንደተመረጠ፣ የባላንጣውንም ራስ በባላንጣው ጎራዴ እንደቆረጠ። ዳዊቱን እስከ መጨረሻው የደገመ ሰው ባርጄሎ ቢገባ ያንን ልጅ ለመለየት መግለጫ ማንበብ አያስፈልገውም።

ራሷን ዳዊት ያለች ከተማ

የ15ኛው ክፍለ ዘመን ፍሎረንስ ንጉሥ አልነበራትም። በሱፍ ጨርቅና በባንክ ሥራ የከበሩ ነጋዴዎች የሚያስተዳድሯት ሪፐብሊክ ነበረች። ዙሪያዋን ግን የሚያስፈሩ ጎረቤቶች ነበሩ። ከሰሜን የሚላኑ መስፍን ጃን ጋሌያሶ ቪስኮንቲ አንገቷን ሊያንቅ ጥቂት ሲቀረው በ1402 በሕመም ሞተ። ከደቡብ የኔፕልሱ ንጉሥ ላዲስላዎ ሲገሰግስባት እሱም በ1414 ሞተ። የከተማዋ ሰዎች ሁለት ጊዜ ከመዋጥ ሲያመልጡ “እኛ ዳዊት ነን፣ እነሱ ጎልያድ” ቢሉ አይፈረድባቸውም።

ዶናቴሎ ገና ወጣት ሳለ በ1408 ለካቴድራሉ ከእብነ በረድ ዳዊትን እንዲቀርጽ ታዝዞ ነበር። ያ ዳዊት ልብስ የለበሰ፣ ቀና ብሎ የቆመ ነው። በ1416 የከተማዋ መንግሥት ሐውልቱን ከቤተ ክርስቲያን ሰዎች ተቀብሎ ወደ ራሱ ቤተ መንግሥት ወሰደው። የእረኛው ልጅ ከዚያ ቀን ጀምሮ የከተማዋ አርማ ሆነ።

ከሰም ወደ ነሐስ

ዶናቴሎ በ1386 አካባቢ የተወለደ የሱፍ ሠራተኛ ልጅ ነው። ስለ ገንዘብ ብዙም የማይጨነቅ ሰው እንደነበር ይነገራል። የሠዓሊያንን ታሪክ የጻፈው ቫዛሪ እንደሚለው ገንዘቡን በዘንቢል አድርጎ ከጣሪያው በገመድ ያንጠለጥለዋል፤ ሠራተኞቹም ወዳጆቹም የቸገራቸውን ያህል ሳይጠይቁ ይወስዳሉ። ባለጸጋው ኮዚሞ ሜዲቺ ጨዋ ሰው እንዲመስል ብሎ ቀይ ካባ ቢሸልመው አንድ ሁለት ቀን ለብሶት “ይህ ለኔ ይበዛል” በማለት ተወው ይባላል። ንጉሡ ያለበሰውን ጥሩር ያወለቀውን ልጅ የቀረጸው ሰው፣ ባለጸጋው ያለበሰውን ካባ ያወለቀ ነበር።

የነሐሱ ዳዊት የተሠራው በ1430ዎቹና በ1440ዎቹ መካከል ነው። የአሠራሩ ዘዴ ለእኛ እንግዳ አይደለም። መጀመሪያ ከጭቃ ውስጠኛው አካል ይበጃል፣ በላዩ ሰም ይለብሳል። ጥበበኛው ፊቱን፣ ጣቱን፣ ፀጉሩን የሚያወጣው በሰሙ ላይ ነው። ከዚያ ሰሙ እንደገና በጭቃ ይሸፈናል። እሳት ሲነካው ሰሙ ቀልጦ ይወጣል፤ ሰሙ በለቀቀው ባዶ ቦታ ከመዳብና ከቆርቆሮ የተቀየጠ፣ ወደ 1000 ዲግሪ ሴንቲግሬድ የጋለ ነሐስ ይፈስበታል። የቀዘቀዘ ዕለት ጭቃው ተሰብሮ የተሳካው ወይም የተበላሸው ይታያል። አንጥረኞቻችን ጌጡንና መስቀሉን ሲያወጡ የኖሩት በዚሁ መንገድ ነው፤ የቅኔ መምህራንም “ሰምና ወርቅ” የሚለውን ስም የወሰዱት ከአንጥረኛው ቤት ነው።

ከጥንት ሮማውያን ዘመን ወዲህ ከግድግዳ ሳይደገፍ ራሱን ችሎ የቆመ፣ በዙሪያው እየተዞረ የሚታይ የመጀመሪያው እርቃን የነሐስ ሐውልት ይህ እንደሆነ ይታመናል። ልጆቻቸውን ይዘው ሙዚየሙን የሚጎበኙ ወላጆች እዚህ ሲደርሱ “ለምን ልብስ የለውም?” የሚል ጥያቄ አይቀርላቸውም። የመልሱ ግማሽ መጽሐፍ ቅዱሱ ውስጥ ነው። ልጁ የንጉሡን ጥሩር አውልቆ ያለ ጋሻ ወረደ፤ ጠባቂው ብረት አልነበረም። ሌላው ግማሽ የዘመኑ ሰዎች ለጥንቱ የግሪክና የሮም ጥበብ የነበራቸው ፍቅር ነው። ሊቃውንት ግን እስከ ዛሬ በዚህ ጉዳይ ይከራከራሉ።

በባለጸጋው ግቢ

ሐውልቱን ያሠራው ኮዚሞ ሜዲቺ ሳይሆን አይቀርም፤ የቆመውም በሜዲቺዎች ቤት ግቢ መሃል፣ ከፍ ባለ መቆሚያ ላይ ነበር። ሜዲቺዎች የባንክ ሰዎች ናቸው። ባንካቸው በ1397 የተመሠረተ ሲሆን ከሮምና ከቬኒስ እስከ ብሩዥና ለንደን ቅርንጫፍ ነበረው። ኮዚሞ በ1433 በባላንጣዎቹ ተሸንፎ ከከተማ ተባረረ፤ በዓመቱ ተመለሰ፣ በተራው እነሱን አባረረ። ከዚያ በኋላ ዘውድ ሳይደፋ ከተማዋን በእጁ አደረገ። ምርጫ ይካሄዳል፣ ሹማምንት ይቀያየራሉ፤ የሚሾመውን የሚያውቁት ግን ኮዚሞ ቤት ነው።

እንግዲህ የከተማው አንደኛ ባለጸጋ የድሃ እረኛ ምስል ግቢው መሃል ለምን አቆመ? ከሐውልቱ ጋር የነበረው ጽሑፍ አንድ ልጅ ታላቁን ግፈኛ እንዴት እንደጣለ የሚናገር፣ ለሐገር የሚቆም ሁሉ አሸናፊ እንደሆነ የሚያውጅና ዜጎችን ለድል የሚጠራ ነበር። ሰሙ ይሄ ነው። ወርቁ ሲፈተሽ ግን የቤቱ ጌታ “ለነፃነታችሁ የቆምኩት ዳዊት እኔ ነኝ” ማለቱ ነው። ዳዊት መባልን ሁሉም ይወዳል፤ ጎልያድ ነኝ የሚል ሰው ታይቶ አያውቅም።

በ1469 የኮዚሞ የልጅ ልጅ ሎሬንዞ ክላሪቼ ኦርሲኒን ሲያገባ ሐውልቱ በግቢው መሃል እንደነበር ተጽፏል። ድግሱ በዙሪያው ሲካሄድ ልጁ እንደ ልማዱ አንገቱን ደፍቶ ቆሟል።

የኛ ሰዎችም በኮዚሞ ዘመን በዚያች ከተማ እግራቸው ረግጧል። በ1439 የምሥራቅና የምዕራብ አብያተ ክርስቲያናትን ለማስማማት የተጠራው ጉባኤ ከፌራራ ወደ ፍሎረንስ ሲዛወር ከጀርባ ካገዙት አንዱ ኮዚሞ ነበር። በ1441 ደግሞ ኢየሩሳሌም ካለው ገዳማቸው የተላኩ ኢትዮጵያውያን መነኮሳት ወደዚሁ ጉባኤ ፍሎረንስ ገቡ። በሐገር ቤት ዙፋኑ ላይ የነበሩት ዐፄ ዘርዐ ያዕቆብ ናቸው፤ የዐፄ ዳዊት ልጅ፣ ዘራቸውንም ከዳዊት ቤት የሚቆጥሩ። አንዱ ሕዝብ የእረኛውን ልጅ በነሐስ ሲያፈስ ሌላው በብራና ጽፎ በቃሉ ይደግመው ነበር።

ሐውልቱ ቤት ቀየረ

የሜዲቺዎች ነገር እየከረረ ሄደ። በ1478 ሚያዝያ ውስጥ የፓትዚ ቤተሰብ ያደማቸው ሰዎች በካቴድራሉ ውስጥ፣ በቅዳሴ ላይ፣ የሎሬንዞን ወንድም ጁሊያኖን ወግተው ገደሉት፤ ሎሬንዞ ቆስሎ አመለጠ። በቀሉ አስፈሪ ነበር። በ1494 የፈረንሳይ ንጉሥ ሠራዊት ሲመጣ የሎሬንዞ ልጅ ፒዬሮ ምሽጎቹን አሳልፎ ሰጠ። ሕዝቡ በቁጣ ተነሳ፤ ሜዲቺዎች ሸሹ፤ ቤታቸው ተዘረፈ።

በቀጣዩ ዓመት መንግሥት የነሐሱን ዳዊት ከሜዲቺዎች ግቢ አንስቶ ወደ ቤተ መንግሥቱ ግቢ አዛወረው። ከዚያው ቤት የተወሰደችው ሌላዋ የዶናቴሎ ሥራ፣ የሆሎፎርኒስን ራስ የቆረጠችው ዮዲት፣ ከበሩ ፊት ለፊት ቆመች። ሐውልቶቹ ላይ የተለወጠ ነገር አልነበረም። ትርጉማቸው ግን በአንድ ጉዞ ተገለበጠ። ትናንት ሜዲቺን ዳዊት ያደረገው ልጅ ዛሬ ሜዲቺን ጎልያድ አደረገው። በእግሩ ስር ያለው ራስ የማን እንደሆነ መንገደኛው ሁሉ ገባው።

ከጥቂት ዓመታት በኋላ ሌላ ዳዊት መጣ፤ ዓለም በሙሉ የሚያውቀው፣ ከአምስት ሜትር በላይ ቁመት ያለው፣ የማይክል አንጄሎ የእብነ በረድ ዳዊት። በጥር 1504 የት ይቁም ተብሎ ሊዮናርዶ ዳ ቪንቺና ቦቲቼሊ የተገኙበት ስብሰባ ተደረገ። አንዱ ተሰብሳቢ፣ የመንግሥቱ አዋጅ ነጋሪ፣ በግቢው ያለውን የዶናቴሎን ልጅ “የኋላ እግሩ አላማረም” ብሎ ነቀፈው። አዲሱ ዳዊት በመጨረሻ የዮዲትን ቦታ ወስዶ በቤተ መንግሥቱ በር ቆመ። ልብ ካሉት ይህ ዳዊት ራሱ ግዙፍ ነው፤ ጎልያድ ግን ከእግሩ ስር የለም። ከተማዋ እንደገና በራሷ መተማመን ስትጀምር ዳዊቷም የጎልያድን ቁመት ያዘ።

ሪፐብሊኩ ግን አልዘለቀም። ሜዲቺዎች በ1512 በስፔን ጦር ታጅበው ተመለሱ፤ በ1527 እንደገና ተባረሩ፤ ከአሥር ወር ከበባ በኋላ በ1530 ተመለሱ። ከሁለት ዓመት በኋላ የመስፍንነት ማዕረግ ያዙ። በ1540 ከዚያው ቤተሰብ የሆነው መስፍን ኮዚሞ ቤቱን ለቅቆ ወደዚያ ቤተ መንግሥት ገባና መኖሪያው አደረገው። ከአያቶቹ ግቢ የተወሰደው ልጅ ባለበት ቤት፣ ባለቤት ሆኖ ተቀመጠ። ልጁን ለመውሰድ የደከመ ሁሉ በዙሩ ያንኑ ልጅ የረገጠውን ሰው መስሎ ተገኘ።

ከድሉ ማግስት

ይህ የፍሎረንሶች ብቻ ታሪክ አይደለም። የዳዊትም ታሪክ ነው። ለልጆች ስንተርክ ጎልያድ ሲወድቅ እናቆማለን፤ መጽሐፉ ግን አያቆምም። ያ እረኛ ነገሠ። አንድ ምሽት ከሰገነቱ ላይ ሆኖ ቤርሳቤህን አየ። ባሏ ኦርዮ ለዳዊት መንግሥት ጦር ሜዳ ነበር። ንጉሡ ሚስቱን ወሰደ፤ ነገሩ እንዳይገለጥበት ኦርዮን ውጊያው በበረታበት አቁመው እንዲሸሹበት ለጦር አለቃው ጻፈ። ደብዳቤውን ይዞ የሄደው ራሱ ኦርዮ ነው። ወንጭፍ እንኳን ያልነበረው ሰው በግዙፉ ተገደለ፤ ግዙፉም በዚህ ጊዜ ዳዊት ነበር።

ነቢዩ ናታን መጥቶ አንድ ተረት የሚመስል ነገር ነገረው። ብዙ በግ ያለው ባለጸጋ እንግዳ ሲመጣበት ከራሱ መንጋ አርዶ በማስተናገድ ፈንታ የድሃ ጎረቤቱን አንዲት ጠቦት ነጥቆ አረደ። ድሃው ያችን ጠቦት እንደ ልጁ ነበር የሚያሳድጋት። የድሮው በግ ጠባቂ ሰማና በንዴት ጦፈ፤ “ይህን ያደረገ ሞት ይገባዋል” አለ። ናታን ሰውየው አንተው ነህ ብሎ ነገረው። ዳዊት ጎራዴ አልመዘዘም። አለቀሰ። በግዕዙ ቁጥር 50ኛው መዝሙር የዚያ ለቅሶ ነው። አንድ ዳዊት ውስጥ 151ኛውና 50ኛው አብረው ይኖራሉ፤ አንዱ ጎልያድን ስለጣለ ልጅ፣ ሌላው ጎልያድ ሆኖ ራሱን ስላገኘ ሰው።

ዶናቴሎ ይህን ሁሉ አስቦ ነው የሠራው ማለት አንችልም። የሠራው ፊት ግን ይህን ሁሉ ይችላል። ያ ልጅ ፊቱን ወደ ተመልካች አላዞረም፣ ጭብጨባ አይጠብቅም። የሚያየው ታች ነው፤ የጣለው ሰው ያለበትን አቅጣጫ።

በ2007 የሙዚየሙ ባለሙያዎች ሐውልቱን ማጽዳት ጀመሩ፤ ሥራው በ2008 አለቀ። ጎብኚዎች እየተመለከቱ በጨረርና በስል መሣሪያ የዘመናቱን ጥቁረት አነሱለት። ከስሩ የወርቅ ቅብ ቅሪት ተገኘ፤ ፀጉሩ በአንድ ወቅት በወርቅ ያበራ ነበር። ወርቁ ከዘመናት በኋላ በጥቂቱ ነው የቀረው፤ የደፋው አንገት ግን እንዳለ ነው።

ማታ ለልጅዎ የዳዊትንና የጎልያድን ታሪክ ሲተርኩ ድንጋዩ ግንባሩን በመታበት ቦታ አያቁሙ። “ከዚያስ?” ብሎ ይጠይቅዎት። ልጆች ትንሹ ትልቁን ሲያሸንፍ መስማት ይወዳሉ፤ ትንሽ ስለሆኑ። ነገ ግን ያድጋሉ፤ ታናሽ ይኖራቸዋል፣ ጎረቤት ይኖራቸዋል፣ ከነሱ የሚያንስ ሰው ከፊታቸው ይቆማል። ያን ቀን እንዴት እንደሚቆሙ ያንን የባርጄሎ ልጅ ሥዕል ከስልክዎ አውጥተው ያሳዩዋቸው፤ ፊቱን ለምን ወደ ታች እንዳደረገም እነሱን ይጠይቋቸው።